ቀይ ነጥብ ያረፈባቸው ካርዶች

ጥር 9

የኩሽናው ቧንቧ እንደገና ማንጠባጠብ ጀመረ። ከሥሩ ሳፋ አስቀመጥኩ። ቧንቧ ሠሪው «ነገ እመጣለሁ» ካለ ዛሬ አራተኛ ቀኑ ነው... የእሱ ነገ መቼ ይሆን?

የእህቴ ልጅ በሦስት ሰዓት ኮምፒዩተሯን ከፈተች። እኔ የመዝገበ ቃላታችንን የድሮ ካርዶች አነባለሁ፣ እሷ ትጽፋለች። እስከ ምሳ ሠላሳ ስምንት ቃል። ከሠላሳ ስምንቱ አሥራ አንዱ ላይ ስሕተት። «ኋላ ይታረማል እኮ፣ አክስቴ» ትላለች። ኋላ የሚባል አራሚ አላውቅም። እኛ ስንማር ፊደል ያጎደለ ልጅ ሳይጠሩት ጣቱን ለማስመሪያ ዘርግቶ ይመጣ ነበር።

መዝገበ ቃላቱ ከታተመ ሠላሳ አንድ ዓመት ሞላው። አሁን ሁለተኛ እትም ሊወጣ ነው። ከአራታችን ቃል ፈቺዎች በሕይወት የቀረሁት እኔ ነኝ። ስለዚህ በርዕስ ገጹ ላይ ስሜ ብቻውን ይወጣል። አሳታሚው የገጹን ናሙና ልኮልኛል። ለእርማት ነው ብዬ ሦስት ጊዜ አየሁት። ስሕተት የለበትም። አራተኛ ጊዜም አየሁት።

አብረው የሚጨመሩ ስድሳ አዳዲስ ቃላት ዝርዝር አለ። ሃምሳ ዘጠኙ እንደ ምንም ይዋጣሉ። አርባ ሰባተኛው ግን... ‹እኔነት አልባ›። ይሄ ቃል ነው? ቤት አልባ አውቃለሁ። ቤቱን ያጣ ሰው መንገድ ላይ ያድራል። እኔነቱን ያጣ ሰው የት ነው የሚያድረው?

ጥር 11

አሳታሚው ደወለ። አርባ ዓመት ቢሆነው ነው። ጨዋ ነው፤ ግን ሲናገር ቅቤ ይቀባል።

«መምህርት፣ ያቺን አርባ ሰባተኛዋን ቃል አዩልኝ?»

«አየኋት። ‹ትሑት› የሚል ቃል አለን። ሠላሳ አንድ ዓመት ሙሉ አለን።»

«ትሑት ሌላ ነው እኮ። ትሑት ሰው እኔነት አለው፤ ዝቅ ያደርገዋል እንጂ። እኔነት አልባው ግን ከነጭራሹ የለውም። ዝቅ የሚያደርገው ነገር የለም።»

«የሌለውማ ራሱን የሳተ ሰው ነው። ሐኪም ይጠራለታል።»

ሳቀ። እኔ አልሳቅኩም።

«ሰዉ ይለዋላ፣ መምህርት። በሬዲዮ ይባላል፣ በቀብር ንግግር ይባላል። ደግሞስ ከእርስዎ ሌላ ማን ይፈታዋል? ‹ናፍቆት›ን የፈቱበትን ያነበብኩ ዕለት መጽሐፉን ዘግቼ ቁጭ ነው ያልኩት።»

ዶሮን ሲያታልሏት በመጫኛ ጣሏት። እያወቅኩ እሺ አልኩ።

ጥር 12

አሥራ አራት ጊዜ ጀመርኩ። አሥራ አራት ጊዜ ቀደድኩ። ‹ራሱን የማይወድ›... ያ የታመመ ሰው ነው። ‹ራሱን የማያስቀድም›... ያ ወረፋ የያዘ ሰው ሁሉ ነው። ‹ለሌሎች የሚኖር›... ታዲያ ሌሎቹ ለማን ነው የሚኖሩት?

ጥር 14

በመዝገበ ቃላት ቤቱ አንድ ሕግ ነበረን። ቃል ያለ ምሳሌ አይፈታም። ምሳሌውም ከራስ አይፈጠርም፤ ከሰው አፍ ይለቀማል። ከካርዱ ጀርባ ሦስት ጥያቄ ይሞላል፦ ማን አለ? የት አለ? ስለ ማን አለ? ይህን ሳይሞላ የመጣ ካርድ አለቃችን ወደ ወለል ይወረውረው ነበር። ማንሳት የባለቤቱ ድርሻ ነው።

ስለዚህ ባዶ ካርዶች በቦርሳዬ ይዤ ወጣሁ።

ልብስ ሰፊው የኮቴን እጅጌ እያጠፈ፣ «‹እኔ› የማይል ሰው? አለ እንጂ» አለኝና በአገጩ ወደ መስኮቱ ጠቆመ። እዚያ ሠራተኛው በማሽን ይሰፋል፤ ጸጉሩ የሸበተ ሰው ነው። «አሥራ ሰባት ዓመት አብሮኝ ሲሠራ ‹እኔ› ብሎ አያውቅም። እሑድ ና ስለው ይመጣል። እኔነት የሚባል አልፈጠረበትም።» ሰውየው ቀና አላለም። ማሽኑን አንዴ ቆም አደረገና ቀጠለ።

ደረጃው ላይ ጎረቤቴን ጡረተኛውን መሐንዲስ አገኘሁት። በሩ ተከፍቷል። «የኔዋ ናታ» አለ። «ለራሴ የሚባል ነገር አታውቅም። የምትበላው የተረፈውን ነው።»

ከውስጥ የሚስቱ ድምፅ፣ «ተርፎ ያውቃል እንዴ?» አለ።

እሱ ሳቀ። እኔ ካርዱን ሞላሁ። ሁለት ምሳሌ ተገኘ። ግን ሁለቱም አላረኩኝም። ምን ጎደላቸው?

ጥር 17

ጠዋት ፊቴን ስታጠብ ድንገት ትዝ አለችኝ። ዝምቴ።

የመዝገበ ቃላት ቤቱ ገልባጭ ነበረች። እኛ ፈቺዎቹ በእርሳስ የጫጫርነውን ረቂቅ ተቀብላ በወፍራም ነጭ ካርድ ላይ በቀለም ትገለብጣለች። ፊደሏ ማተሚያን ያሳፍራል። ካርዱ ሲመለስ እያንዳንዳችን ከረቂቃችን ጋር አስተያይተን በማዕዘኑ ላይ የየራሳችንን ነጥብ እናሳርፋለን። የአለቃችን ሰማያዊ፣ የኔ ቀይ። ነጥብ ካረፈ በኋላ ረቂቁ ወደ ቅርጫት።

ሃያ ሁለት ዓመት አብረን ስንሠራ ‹እኔ› ስትል አልሰማኋትም። ስሟ ተረስቶ ዝምቴ የተባለችው ለዚያ ነው። ስብሰባ ላይ በሩ ሥር ካለው በርጩማ አትነሳም። ሻይ ሲመጣ መጨረሻ የምትወስደው እሷ ናት። አንድ ጊዜ ሳትነግረን ታማ ሳትነግረን ድናለች።

ካርዱን ሞላሁ፦ «ሃያ ሁለት ዓመት የሌሎችን ቃል ስትገለብጥ የራሷን አንድ ቃል አልጨመረችም፤ እኔነት አልባ ነበረች።» ማን አለ? እኔ። የት? በቤቴ። ስለ ማን? ስለ ዝምቴ።

ለአሳታሚው በስልክ አነበብኩለት። «ግሩም ነው» አለ። እኔም ግሩም መሰለኝ።

በሕይወት አለች። ቤቷ በአውቶቡስ ግማሽ ሰዓት ነው። ካየኋት ግን... ዘጠኝ ዓመት?

ጥር 19

አሳታሚው አዲስ ሐሳብ መጣለት። ከርዕስ ገጹ ትይዩ የእጅ ጽሑፌ ፎቶ ይውጣ አለ። «‹ናፍቆት›ን ሲጽፉ የነበረው ረቂቅ ቢገኝ፣ መምህርት... በገዛ እጅዎ።»

ረቂቆቹ ሁሉ ቅርጫት ገብተዋል። ግን ከሠላሳ ሦስት ዓመት በፊት እግሬ ተሰብሮ ሦስት ወር ቤት ስውል ወረቀት በወረቀት ከመላክ ብዬ በደብተር ነበር የምጽፈው። ደብተሩን ዝምቴ ወስዳ ገለበጠችና ቤቴ ድረስ መለሰችልኝ። ‹ናፍቆት› ከዚያ ዘመን ነው።

ሳጥኑን የእህቴ ልጅ ከአልጋ ሥር ሳበችልኝ። ደብተሩ ከብርድ ልብሱ በታች ነበር። መነጽሬን አደረግሁ።

ካርዱ ላይ፦ ‹ናፍቆት፦ የአንድን ሰው አለመኖር በየሰዓቱ ማወቅ።›

ደብተሬ ላይ፦ ‹ናፍቆት፦ የራቀን ሰው ለማየት መፈለግ።›

ሌላ ገጽ ላይ እንደገና ጽፌው ይሆናል ብዬ ደብተሩን ሁለት ጊዜ ገለበጥኩ። የለም።

ጥር 20

ማስመሪያ ይዤ ቁጭ አልኩ። ደብተሩ ውስጥ መቶ አሥራ ሁለት ቃል አለ። ከካርዶቹ ጋር አንድ በአንድ አስተያየሁ። ሰባ አንዱ ተለውጧል።

እኔ፦ ‹ቂም፦ የቆየ ጥላቻ።› ካርዱ፦ ‹ቂም፦ በደልን እንዳይበላሽ አድርጎ ማስቀመጥ።›

እኔ፦ ‹ትዕግሥት፦ መከራን መቻል።› ካርዱ፦ ‹ትዕግሥት፦ ማድረግ የሚችሉትን ሳያደርጉ መቆየት።›

እኔ፦ ‹ትሑት፦ ዝቅ ያለ፤ ራሱን ያዋረደ።› ካርዱ፦ ‹ትሑት፦ የሚገባውን ስፍራ እያወቀ ያልጠየቀ።›

በሰባ አንዱም ማዕዘን ላይ ቀይ ነጥብ አለ። የኔ ነጥብ።

ይሄ የአንድ ደብተር ብቻ ነው። ቅርጫት የገባውስ?

በምርኩዝ ወደ ሥራ የተመለስኩ ሰሞን አለቃችን በስብሰባ ላይ ‹ናፍቆት›ን ጮክ ብሎ አንብቦ፣ «ይህን የጻፈች እጅ ትባረክ» ብሎ ነበር። ተነስቼ እጅ ነሣሁ። ዝምቴ በርጩማዋ ላይ ካርድ በመቀስ ታስተካክላለች... መቀሱ ቆሞ ነበር? ወይስ አሁን ነው የቆመልኝ?

የሰው ወርቅ አያደምቅም ይባላል። እኔ ግን ሠላሳ ሦስት ዓመት ደምቄበታለሁ።

ጥር 21

እንዴት አላየሁም? አውቃለሁ እንዴት እንደሆነ። የዝምቴ ፊደል ስሕተት ስለሌለበት ማስተያየቱን ትቼው ነበር። በቀን የሚመጣልኝን አርባ ካርድ ደርድሬ ነጥቤን ጠብ ጠብ አደርጋለሁ። ፊደሉን አያለሁ፣ ቃሉን አላይም። ሌላው ፈቺ እንዲህ ቢያደርግ ቆዳውን እገፈው ነበር።

ታትሞ ሳነበውስ? ባነበብኩት ቁጥር የኔ መሰለኝ። ጥሩ ነገር የኛ ለመምሰል አይቸገርም።

ጥር 23

የእህቴ ልጅ ፊቴን አይታ አውጣጣችኝ። ነገርኳት።

«ታዲያ ምን ያስጨንቅዎታል፣ አክስቴ? ማን ያውቃል?»

«እኔ አውቃለሁ።»

«እሷ ጠየቀች?»

«አልጠየቀችም።»

«አዩ? እንዲህ ዓይነት ሰው ስም ምኑም አይደለም። እርስዎ ራስዎ አይደሉ እኔነት አልባ ናት ብለው ያስጻፉኝ?»

ነገሩ ጣፈጠኝ። እዚህም ጻፍኩት፦ ‹ዝምቴ እኔነት የላትም፤ ከሌለው ሰው ላይ ምን ይወሰዳል?›

አሁን መልሼ አነበብኩት። ዓረፍተ ነገሩ ስሕተት የለበትም። ያስቀይማል፤ ግን ስሕተት የለበትም... ይኸው ነው የሚያናድደኝ።

ጥር 26

ሄድኩ። ሦስተኛ ፎቅ ነው፤ ሊፍት የለም። ሁለት ጊዜ አረፍኩ። ከልጇ ጋር ነው የምትኖረው፤ እሱ ሥራ ላይ ነበር። ራሷ ከፈተችልኝ። ቀጥናለች። መነጽሯ ከኔው ይወፍራል።

«ውይ እትዬ! ይግቡ፣ ይግቡ። ምነው፣ በደኅና?»

ወንበሩን በመዳፏ ጠርጋ አስቀመጠችኝ። ደብተሩን ከቦርሳዬ አውጥቼ ጠረጴዛው ላይ አኖርኩት። ሳትከፍተው አወቀችው።

«አገኙት» አለች።

«ዝምቴ፣ አንቺ ነሽ የለወጥሽው?»

«አዎ።»

ይኸው ነው። ‹አዎ›። መንገዱን ሙሉ ስትክድ፣ ስታለቅስ፣ እግሬ ላይ ስትወድቅ አስቤ ምን እንደምላት ሳዘጋጅ ነበር የመጣሁት። የተዘጋጀሁበት ሁሉ ከንቱ ሆነ።

«ለምን አልነገርሽኝም?» አልኩ። መልሱን ግን ራሴ ቀድሜ ሰጠኋት። «አውቃለሁ... አንቺ መቼም ‹እኔ› ማለት አይሆንልሽም። ትሑት ነሽ።»

ሳቀች። ሃያ ሁለት ዓመት አብሬያት ሠርቼ እንዲህ ስትስቅ አላየሁም። መነጽሯ እስኪንሸራተት።

«ትሑት? እኔ? ፈርቼሽ ነዋ።»

‹ሽ› አለችኝ። ‹እርስዎ› እዚያ ቀረ። አስተዋልኩ።

«ምን አድርጌሽ ነው የምትፈሪኝ?»

«አንድ ካርድ ላይ አራት ነጥብ ዘለልሽ ብለሽ ከጠዋት እስከ ምሳ ያቆምሽኝን ረሳሽው? ነፍሰ ጡር ነበርኩ። ቢሮው ሁሉ አለንጋ ነበር የሚልሽ።»

«አለንጋ?»

«አለቃችን ሳይቀር። ‹አለንጋ ገብታለች?› ብሎ ጠይቆ ነው በሩን የሚከፍተው።»

ደብተሩን ወደ ራሴ ሳብኩት። 

«ታዲያ ከፈራሽኝ ቃሌን ለመንካት እንዴት ደፈርሽ?» ስላት ጊዜ አልወሰደባትም።

«አንቺን እንጂ ቃሉን አልፈራም። ‹ቂም፦ የቆየ ጥላቻ›... ይሄ ይጻፋል? እጄ እምቢ አለኝ። ቅር ካላት ታባርረኛለች፣ ካላየችም ይለፍ አልኩ። አላየሽም። በሁለተኛውም አላየሽም። ከዚያማ ለመድኩት።»

ተነስታ ከመደርደሪያው መዝገበ ቃላቱን አመጣች። የመጀመሪያው እትም ነው፤ ጀርባው በፕላስተር ተጠግኗል። ገለጠችልኝ። በየገጹ ጠርዝ ትናንሽ የእርሳስ ጭረቶች።

«እነዚህ የኔ ናቸው። ታትሞ በወጣ ማግሥት ተቀምጬ ምልክት አደረግሁባቸው። አንድ ሺህ አንድ መቶ አርባ ሁለት።»

‹እኔ› የማትል ሴት ያልኳት... አንድ ሺህ አንድ መቶ አርባ ሁለት ጊዜ ብላለች። በእርሳስ።

‹ትሑት›ን ፈለግሁ። ጭረት አለበት። ጣቷን ‹እያወቀ› በሚለው ላይ አሳረፈች። «ይቺን አላነበብሻትም?» አለችኝ።

ልነሳ ስል አንድ ነገር ከነከነኝ። «ሌላው ረቂቅ ሁሉ ቅርጫት ገብቷል። ደብተሩንም መጣል ትችዪ ነበር። ለምን መለስሽልኝ?»

መነጽሯን አውልቃ ጠረገችው።

«እንድታስተያዪው። ቤትሽ ድረስ ተሸክሜ ያመጣሁት ለምን ይመስልሻል? ዛሬ ትከፍተዋለች፣ ነገ ትከፍተዋለች ስል... ሠላሳ ሦስት ዓመት ጠበቅኩሽ።»

ውኃ አምጥታ ሰጠችኝ። ጠጣሁ። ደረጃውን እንዴት እንደወረድኩ አላስታውስም።

ጥር 27

አለንጋ።

ተናድጃለሁ። በማን? በእሷ ነው ልበል። ለምን አፏን አልከፈተችም? ብትነግረኝ ኖሮ... ምን አደርግ ነበር? እውነቱን ጻፊ፤ ደብተሩ ያንቺው ነው። አስወጣት ነበር። ከነመቀሷ።

ዝም አይነቅዝም ይላሉ። የሷ ዝምታ ይኸው ሳይነቅዝ ተቀምጦ ቆየኝ።

ጥር 29

ለአንዱ ቃል አሁንም ትርጉም የለኝም። ሦስቱን ካርዶች አውጥቼ ጀርባቸውን ደረደርኩ።

ማን አለ? ልብስ ሰፊው። ስለ ማን? እሑድ ስለሚያሠራው ሰው።

ማን አለ? መሐንዲሱ። ስለ ማን? የተረፈውን ስለሚያበላት ሚስቱ።

ማን አለ? እኔ። ስለ ማን?...

ምን ጎደላቸው ብዬ ነበር። የጎደለው እኔው ጋ ነው። ፊት ለፊቱን እያየሁ ጀርባውን ሳላነብ ቀርቼ ነው። ሠራተኛው ማሽኑን ያቆመውም፣ ሴትየዋ ከውስጥ የመለሰችውም ምሳሌው ውስጥ መግባት ነበረበት።

እንዲህ ጻፍኩ፦ ‹እኔነት አልባ፦ ፩ ለራሱ ምንም የማይጠይቅ። ፪ ብዙ ጊዜ ከሰውየው ድካም የሚጠቀም ሰው ስለ ሰውየው የሚለው፤ ሰውየው ራሱን እንዲህ ሲጠራ አልተሰማም።›

አልቀደድኩትም።

የካቲት 2

አሳታሚው ቢሮ ሄጄ ሁሉንም ነገርኩት። ደብተሩን፣ ካርዶቹን፣ ጭረቶቹን። የዝምቴ ስም በርዕስ ገጹ ላይ ከኔ ጋር ይግባ አልኩት።

እጁን ደረቱ ላይ አደረገ። «መምህርት፣ እንዲህ ያለ ትሕትና በዚህ ዘመን... እንደው ምን ልበልዎ።»

«ትሕትና አይደለም። የሆነውን ነው የምነግርህ።»

«ይኸው! እኔነት አልባ ማለት እርስዎ ነዎት። ለቃሉም ምሳሌ ይሆነናል።»

ደሜ ፈላ። ቃሉ ለምን እንደሚያገለግል ዓይኔ እያየ አሳየኝ። ‹ትሑት ነሽ› ማለት ‹ቁጭ በይ› ማለት ነው።

«እኔን ትሑት አትበለኝ፣ ልጄ። ትሑት ብሆን ኖሮ ይሄ ነገር ከሠላሳ ዓመት በፊት ይታወቅ ነበር።»

«ግን የገልባጭ ስም በርዕስ ገጽ ወጥቶ አያውቅም እኮ። ገጹ ተዘጋጅቷል። በመግቢያው ላይ ምስጋና እንጽፋለን... ‹ለትሑቷ ገልባጫችን› ብለን።»

መጽሐፉ ያለ እኔ ፊርማ ማተሚያ ቤት እንደማይገባ ያውቃል። ሳልፈርም ወጣሁ።

አውቶቡስ ላይ ግን... ልጻፈው። ‹ምስጋናው ይበቃት የለ?› ብዬ አሰብኩ። አንድ ፌርማታ ሙሉ አሰብኩ። ሁለት ፌርማታ።

የካቲት 4

ዝምቴ ዘንድ ሄጄ አሳታሚው ያለውን ነገርኳት። ስለ ምስጋናው ስነግራት ድምፄን ትንሽ አለሰለስኩ። ገባት።

«አይሆንም» አለች። «በምስጋና አልወጣም። ወይ በርዕስ ገጽ፣ ወይ ተዪኝ።»

«እሺ። በርዕስ ገጽ ይሁን።»

«በርዕስ ገጽ ከሆነ ደግሞ የኔ ይቀድማል።»

«ምን?»

«በፊደል ተራ ነዋ። ዋናው ስሜ ካንቺ ይቀድማል። መዝገበ ቃላት እኮ ነው።»

ከሃያ ሺህ ቃል እሷ የነካችው አንድ ሺህ አንድ መቶ አርባ ሁለት! አፌ ላይ ደርሶ ነበር፤ ዋጥኩት። ሻይ አፈላች። መጀመሪያ ለራሷ ቀዳች።

የካቲት 6

ሁለት ቀን ከእህቴ ልጅ ጋር እንኳ በቅጡ አላወራሁም። ምን ዓይነት ሴት ናት? እኔ ላድናት ስሮጥ እሷ ቀድማኝ ልትሄድ።

ቆይ። ላድናት? ከማን?

ትሑት ሆና ብትቆይልኝ ይሻለኝ ነበር። ስሜን ሰጥቻት፣ እሷ ‹ኧረ አይገባኝም› ብላ፣ እኔ አስገድጃት... እንዴት ያምርብኝ ነበር። የፈለግሁት ያንን ነው። እሷ ግን የራሷን ነው የጠየቀችው።

በፊደል ተራ ደግሞ መከራከሪያ የለኝም። ሌላው ሁሉ ቢቀር ፊደል ቆጥሬያለሁ።

የካቲት 9

ለአሳታሚው ደብዳቤ ጻፍኩ። ሁለት ስም፣ በፊደል ተራ፣ እኩል መጠን ባለው ፊደል። ያለዚያ አልፈርምም። የእጅ ጽሑፌ ፎቶ ይቅር፤ ‹ናፍቆት› የዝምቴ ነው። የአርባ ሰባተኛውንም ቃል ትርጉም አያያዝኩ። ምሳሌዎቹ ሦስቱ ናቸው፤ የሠራተኛው ማሽንና የሴትየዋ መልስ ተጨምረውባቸዋል። የሦስተኛውን ምሳሌ ተናጋሪ ሳልደብቅ ጻፍኩ፦ ከፈቺዎቹ አንዷ፣ ስለ ገልባጯ።

ስሜን ሁለተኛ መስመር ላይ ስጽፍ አንድ ፊደል ዘለልኩ። የዕድሜ ነው አልኩ። ከዚያ ቀጥሎ አድራሻውን ስጽፍ አልዘለልኩም።

የካቲት 13

ደወለ። አራት ቀን አሰላስሎ።

«እሺ፣ መምህርት። እንዳሉት ይሁን። ግን ያቺ ሁለተኛዋ ትርጉም... ትንሽ አልመረረችም?»

«ማን እንዳለው፣ የት እንዳለው፣ ስለ ማን እንዳለው ከጀርባው አለልህ።»

«እሺ» ብሎ ስልኩን ዘጋ። ቢያንስ አላሞገሰኝም።

የካቲት 21

ቧንቧ ሠሪው መጣ። ሁለት ደቂቃ ብቻ ነው የፈጀበት። ስድስት ሳምንት ሳፋ ስደፋ የኖርኩት ለሁለት ደቂቃ ሥራ ነው።

አዲሱ የርዕስ ገጽ ናሙና ደረሰ። አንድ ጊዜ አየሁት። ስሕተት የለበትም።

ዝምቴ ሰኞና ሐሙስ ከእኔ ጋር ልትሠራ ተስማምታለች። ዛሬ የመጀመሪያው ቀን ነበር። በሩ አጠገብ ያለውን ወንበር አልፋ መስኮቱ ሥር ተቀመጠች፤ የኔ ቦታ ነው። የእህቴ ልጅ አየችኝ። ሌላ ወንበር ሳብኩ። ከቦርሳዋ ሰማያዊም ቀይም ሳይሆን አረንጓዴ እስክሪብቶ አውጥታ ካርዶቹ አጠገብ አስተካክላ አስቀመጠች። አዲስ አይደለም፤ ክዳኑ ተፍቋል። ስንት ዘመን ይዛው ኖራለች?

ከስድሳዎቹ ቃላት የቀሩትን ጀመርን። ስለ አንዱ ረቂቄን አነበብኩላት። አንገቷን ነቀነቀች።

«ልክ አይደለም» አለች። ፊት ለፊት። በአፏ።

«ምኑ?»

«ሙሉው።»

እስከ ምሳ ተከራከርን። የእህቴ ልጅ ኮምፒዩተሯን ዘግታ ታዳምጣለች፤ ፊቷ እንደ ሠርግ ቤት በርቷል። ድምፄ ከፍ ሲል ዝምቴ እጇን አንስታ፣ «አለንጋሽን አስቀምጪ» አለችኝ። ረቂቄን ሦስት ጊዜ አነበብኩት። የሷንም ሦስት ጊዜ አነበብኩት።

ልክ ነበረች።

ነገርኳት።